ከዘመነ መሳፍንት እስከ ዛሬ ያልጠወለገው መጽሔት

ስለ አንድ መጽሔት ልነግራችሁ ነው፤ ይዤው ማደር አልቻልኩም። የመጀመሪያ እትሙ ለንደን ላይ የወጣው እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 1 ቀን 1787 ነው። በእኛ አቆጣጠር ጥር 1779 መሆኑ ነው። እስቲ ያን ዘመን አስቡት! ጎንደር ላይ ነገሥታቱ በመሳፍንቱ እጅ ይሾማሉ፣ ይሻራሉ። አፄ ቴዎድሮስ ሊወለዱ ከሠላሳ ዓመት በላይ ይቀራል። ፈረንሳይ ገና ንጉሥ አላት፤ አብዮቷ ሁለት ዓመት ይቀረዋል። ፎቶግራፍ የለም፤ ክብሪት እንኳ የለም። በዚያን ጊዜ የተጀመረ፣ የአትክልት አበቦችን እየሣለ ማሳየትን ሥራዬ ብሎ የያዘ መጽሔት ዛሬም ይታተማል!

ስሙ «ከርቲስ ቦታኒካል ማጋዚን» ይባላል። በባለቀለም ሥዕል ዕፀዋትን ከሚያሳዩ መጽሔቶች ሁሉ በዕድሜ የሚስተካከለው የለም። ከ11,000 በላይ ሥዕሎች አሉት፤ እያንዳንዱ የራሱ ቁጥር፣ የራሱ ታሪክ አለው። ከእነዚያ መካከል የእኛ እንሰት አለ። በ1861 የተሣለ እንሰት! (ይህንንና ከዚህ በኋላ ያሉትን ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጽፈው።) ወደ እንሰቱ እመለሳለሁ፤ መጀመሪያ ግን ይህን ተአምር የጀመረውን ሰው ማወቅ አለባችሁ።

ዊልያም ከርቲስ በ1746 አልተን በምትባል የእንግሊዝ ትንሽ ከተማ ተወለደ። አያቱ መድኃኒት ቀማሚ ነበሩና እሱም ሙያውን ከእሳቸው ሊማር ገባ። የዕፀዋትን ፍቅር ግን ያሳደረበት ሌላ ሰው ነው፦ በሰፈራቸው ባለ የእንግዳ ማረፊያ ፈረስ የሚጠብቅ፣ ዕፀዋትን በስም የሚያውቅ አንድ ሠራተኛ። ይህን ሳነብ ልቤ ተነካ። ዩኒቨርሲቲ አይደለም፣ ጌታ አይደለም፣ የጋጣ ሠራተኛ ነው ለዚህ ሁሉ ጅማሬ የሆነው። ከርቲስ ወደ ለንደን ሄደ፤ በቼልሲ የመድኃኒት ዕፀዋት ማሳያ ስፍራ ለተማሪዎች ዕፀዋትን የሚያስተምር ሆነ። በ1779 ደግሞ ላምቤዝ ላይ የራሱን የአትክልት ስፍራ ከፍቶ ክፍያ ለሚከፍል ሁሉ በሩን ክፍት አደረገ።

ይህ ሰው የሚወደው የአገሩን አረም ነበር። በለንደንና በዙሪያዋ በየመንገዱ ዳር፣ በየአጥሩ ሥር የሚበቅለውን ሁሉ በትልቅ ወረቀት ላይ፣ በተፈጥሮ መጠኑ አሥሎ «ፍሎራ ሎንዲነንሲስ» የተባለ ግሩም መጽሐፍ በክፍል በክፍል ማውጣት ጀመረ። ሥራው እጅግ ያማረ ነበር፤ ገዢ ግን አላገኘም። ሀብታሞቹ ባለ አትክልቶች በየአጥራቸው ሥር ለሚረግጡት ሣር ገንዘብ አያወጡም። እነሱ የሚፈልጉት ከፋርስ፣ ከአሜሪካ፣ ከደቡብ አፍሪካ በመርከብ መጥቶ በመስታወት ቤታቸው ውስጥ የሚያብበውን ነው። ወይዛዝርቱና መኳንንቱ ላምቤዝ እየመጡ፣ «አትክልታችን ውስጥ ያለው ይህ አበባ ምንድን ነው? የሚያስረዳን መጽሐፍ የለም ወይ?» ይሉት ነበር።

ከርቲስ ሰማቸው። ብዙ ሰው በዚህ ጊዜ ይኮራል፤ የሠራሁትን ውበት ያልተረዱኝ ብሎ ያኮርፋል። እሱ ግን የጠየቁትን ሰጣቸው፤ ሲሰጣቸውም ጥራቱን አንዲት ጣት አላወረደም። በወር አንድ እትም፣ በእትሙ ሦስት ሥዕል፣ ዋጋው አንድ ሺሊንግ። ገበያው ፈነዳ! ሦስት ሺህ ያህል ቅጂ ይሸጥ ጀመር። ያ ትልቁ መጽሐፍ ሙገሳ እንዳመጣለት፣ ይህ ትንሹ መጽሔት ግን ምግብ እንዳመጣለት ይናገር ነበር ይባላል። እኔ ግን ሁለቱም አንድ ሥራ ናቸው እላለሁ። ለአረሙ የነበረው ታማኝነት ነው ወደ ጌጡ አበባ የተሻገረው።

የመጀመሪያዋን እትም እዩ። ቁጥር 1 የፋርስ አይሪስ ናት፤ ከመሬት ብዙም ሳትርቅ የምታብብ፣ ፈዘዝ ያለ ሰማያዊ የለበሰች አበባ። ቁጥር 2 ከሰሜን አሜሪካ የመጣች ወይን ጠጅ አበባ፣ ቁጥር 3 በክረምት ብርድ ውስጥ የምትፈካ ቢጫ የአውሮፓ አበባ። ከሥዕሉ ጎን የላቲንና የእንግሊዝኛ ስም አለ፤ በሊኔየስ ሥርዓት ከየትኛው ምድብ እንደምትገባ፣ ከየት እንደመጣች፣ አፈር እንዴት እንደሚዘጋጅላት፣ መቼ እንደምትተከል ተጽፏል። ሁሉም በአንድ ገጽ ወይም በሁለት ገጽ! ይህ ቅርጽ ከሁለት መቶ ዓመት በላይ በመሠረቱ አልተለወጠም። ሥዕል፣ ከሥዕሉ ጎን ሳይንስ፣ ከሳይንሱ ጎን አካፋ ለያዘ ሰው የሚሆን ምክር። እኔ ካየኋቸው የመጽሔት አሳቦች ሁሉ ከዚህ የሚበልጥ አላየሁም።

አሁን ወደ ቀለሙ እንምጣ፤ እኔን እንቅልፍ የነሣኝ ይህ ነው።

በ1787 ባለቀለም ሥዕል በማሽን አትሞ በዚህ ዋጋ ማውጣት አይታሰብም። ስለዚህ ሠዓሊው ሕይወት ያለውን ተክል ከፊቱ አስቀምጦ በውሃ ቀለም ይሥላል። ቀራጩ የሥዕሉን መስመር በመዳብ ሰሌዳ ላይ ይቀርጻል፤ በጥቁር ይታተማል። ከዚያ እያንዳንዱ ወረቀት በሰው እጅ፣ በብሩሽ ይቀለማል። እያንዳንዱ! ሠላሳ ያህል ቀለም ቀቢዎች ናሙናውን እያዩ ቅጠሉን አረንጓዴ፣ ቅርፊቱን ቡናማ፣ አበባውን እንደ መልኩ ይቀቡታል። ሂሳቡን አስሉት፦ ሦስት ሺህ ቅጂ በሦስት ሥዕል ሲባዛ በወር ዘጠኝ ሺህ ወረቀት ነው። ዘጠኝ ሺህ ጊዜ ብሩሽ ነክሮ፣ አንዲቱን አበባ ከመስመር ሳያወጡ ማቅለም! የእነዚህ ሰዎች ስም በገጾቹ ላይ የለም። ሠዓሊው ይታወቃል፣ አዘጋጁ ይታወቃል፤ ቀለሙን የቀቡት አይታወቁም። እጃቸው ግን እያንዳንዱ ገጽ ላይ አለ። የአንዱ ቅጂ ቀይ ከሌላው ቅጂ ቀይ በመጠኑ ይለያል፤ ሁለት ፍጹም አንድ ዓይነት ቅጂ የለም ማለት ነው።

ይህ አሠራር ስንት ዓመት የቆየ ይመስላችኋል? እስከ 1948! ፎቶግራፍ መጣ፣ ባለቀለም ኅትመት መጣ፣ ሲኒማ መጣ፣ ሁለት የዓለም ጦርነት አለፈ፤ መጽሔቱ ግን 161 ዓመት ሙሉ በእጅ ሲቀለም ኖረ። ያቆመውም ቀለም ቀቢ እየጠፋ በመሄዱ ነው። የድሮ ነገር ስለሆነ ብቻ አይደለም እንዲህ የማደንቀው። የዘመኑ ባለቀለም ኅትመት ያን ያህል ረቂቅ የአበባ ቀለም ሊሰጥ ስላልቻለ የሰው እጅ የተሻለ ሆኖ ተገኝቷል። ምርጫቸው ትክክል ነበር።

ሠዓሊዎቹ እያንዳንዳቸው መጽሐፍ ይወጣቸዋል። ሲደነም ኤድዋርድስ የሚባል የዌልስ ልጅ ነበር። ገና በአሥራ አንድ ዓመቱ ከከርቲስ መጽሐፍ ላይ ሥዕሎችን እየገለበጠ ሲሥል አንድ ሰው አየውና ለከርቲስ ነገረው። ከርቲስ ልጁን ለንደን አስመጥቶ አሠለጠነው። ከ1,700 በላይ የመጽሔቱ ሥዕሎች የዚያ ልጅ ናቸው! ከርቲስ በ1799 ከሞተ በኋላ፣ ጆን ሲምስ የተባለው ሐኪም አዘጋጅ ሆኖ መጽሔቱን በመሥራቹ ስም እየጠራ ሲቀጥል፣ ኤድዋርድስም አብሮ ቀጠለ። በ1810 ቡና በቁጥር 1303 ወደ መጽሔቱ የገባችው በዚህ ዘመን ነው። በ1815 ግን ኤድዋርድስ ለቅቆ «ቦታኒካል ሬጂስተር» የተባለ ተወዳዳሪ መጽሔት አቋቋመ። ሌሎችም ተነሡ፤ ሎዲጅስ የተባሉት የችግኝ ነጋዴዎች የራሳቸውን አወጡ፣ ዝነኛው አትክልተኛ ጆሴፍ ፓክስተንም የራሱን። ሁሉም ያማሩ ነበሩ። ግማሽ ምዕተ ዓመት የሞላው ግን አልነበረም፤ አንድ በአንድ ጠፉ። የከርቲስ መጽሔት ቀረ።

ያተረፈው፣ በእኔ አስተያየት፣ የሁከር ቤተሰብ ነው። ዊልያም ጃክሰን ሁከር በ1827 አዘጋጅነቱን ሲረከብ የግላስጎ ዩኒቨርሲቲ ፕሮፌሰር ነበር፤ ሥዕሎቹን መጀመሪያ ላይ ራሱ ይሥላቸው ነበር። በ1841 የኪው የዕፀዋት ማዕከል ዳይሬክተር ሲሆን መጽሔቱም አብሮት ኪው ገባ። ከዚህ በኋላ በዓለም ዙሪያ ያሉ የመርከብ አዛዦች፣ ቆንስሎች፣ ሐኪሞችና ሚስዮናውያን የሚልኩት ዘር ሁሉ ኪው ላይ ይዘራል፤ ሲያብብ ይሣላል። አባትየው በ1865 ሲሞት ልጁ ጆሴፍ ሁከር፣ የዳርዊን የቅርብ ወዳጅ፣ ተረክቦ እስከ 1904 ቀጠለ። አባትና ልጅ ሰባ ሰባት ዓመት! ልጁ ሲያስረክብ ዕድሜው ከሰማንያ አምስት አልፎ ነበር።

ከአባትየው ጋር የመጣው ሠዓሊ ዋልተር ሁድ ፊች ነው። ግላስጎ ውስጥ በጨርቅ ላይ የሚታተም ጥለት የሚሥል ወጣት ነበር፤ ሁከር አገኘውና ከ1834 ጀምሮ እስከ 1877 ድረስ ለዚህ መጽሔት ብቻ ከ2,700 በላይ ሥዕል ሠራ። የፊችን መስመር አይታችሁ ከሆነ ትረዱኛላችሁ። አያመነታም፤ ቅጠሉ ከወረቀቱ የሚወጣ ይመስላል። በደረሰበት ብቃት፣ በወረቀት ላይ ሳይነድፍ በቀጥታ በማተሚያው ድንጋይ ላይ ይሥል ነበር። በመጨረሻ ከጆሴፍ ሁከር ጋር በክፍያ ነገር ተጣልቶ ለቀቀ። አርባ ሦስት ዓመት አገልግሎ በዚህ መለያየቱ ያሳዝናል፤ ለዚያ እጅ የሚመጥን ክፍያ ነበር ብዬ አላምንም።

እንግዲህ ፊች ሲሄድ መጽሔቱ ያልቅለታል ተብሎ ይጠበቃል። ሁከር ግን ማቲልዳ ስሚዝ የምትባል፣ ቦምቤይ የተወለደች ዘመዱን ጠራ። ሥልጠናዋ ጥቂት ነበር። እሱ አስተማራት፣ እሷም ተማረች፤ ከ1878 እስከ 1923 ባለው ጊዜ ከ2,300 በላይ ሥዕል ሠራች! የኪው የመጀመሪያዋ ኦፊሴላዊ ሠዓሊም እሷ ናት። ደርቆና ተጨፍልቆ የመጣን ተክል እንደ ሕያው አድርጋ የመሣል ችሎታዋ የተመሰከረለት ነው። በ1889 ከሱማትራ የመጣው ግዙፉ አበባ፣ የበሰበሰ ሥጋ የሚሸተው ታይታን አሩም፣ ኪው ላይ ሲያብብ ከፊቱ ተቀምጣ የሣለችው እሷ ናት፤ ሽታው እንዳሳመማትም ይነገራል። ያን ሥዕል ያየ ሰው ምን ያህል ትዕግሥት እንደሆነ ይገባዋል።

አሁን እንሰት!

ታሪኩ በጄምስ ብሩስ ይጀምራል። ስኮትላንዳዊው ተጓዥ በ1770 ጎንደር ገብቶ ካያቸው ተክሎች መካከል እንሰትን መዝግቦ፣ ሥዕሉንም ጭምር በ1790 በታተመው ባለ አምስት ጥራዝ የጉዞ መጽሐፉ አወጣው። መጽሔታችን ያኔ የሦስት ዓመት ልጅ ነበር። ሆኖም አውሮፓ ውስጥ ሕያው እንሰት ያየ ሳይንቲስት የለም፤ ብሩስን ያላመኑት ብዙ ነበሩና ተክሉም ከስድሳ ዓመት በላይ በወረቀት ላይ ብቻ ኖረ። ከዚያ በ1853 ዋልተር ፕላውደን፣ ምጽዋ የተቀመጠው የእንግሊዝ ቆንስል፣ በውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤቱ በኩል ለኪው ዘር ላከ። የአገሩን ስም ጨምሮ ነበር የላከው፦ እንሰት። ኪው ዘራው። በቀለ። አደገ፣ አደገ፣ የመስታወት ቤቱን ሞላው! ሁከርም ይህ ብሩስ የሣለው ተክል መሆኑን አረጋገጠ።

ፕላውደን የአፄ ቴዎድሮስ ወዳጅ የነበረው ያው ፕላውደን ነው። በ1860 ጎንደር አጠገብ በሽፍቶች እጅ ወድቆ ቆስሎ ሞተ። የላከው ዘር በመጽሔቱ በሥዕል የወጣው በማግሥቱ ዓመት ነው። እኛ ፕላውደንን የምናውቀው በቴዎድሮስ ታሪክ ውስጥ፣ በዲፕሎማሲና በደም ነው። በአትክልት ታሪክ ውስጥም ስሙ እንዳለ ማን ነገረን?

የሥዕሉ ነገር ደግሞ እዩት። በዚህ መጽሔት ለአንድ ተክል እንደ ደንቡ አንድ ሥዕል ይበቃዋል። ለእንሰት ሁለት ቁጥር ተሰጠው፦ 5223 እና 5224። ሠዓሊው ፊች ነው። እንሰት በሕይወቱ አንድ ጊዜ ብቻ ነው የሚያብበው፤ ካበበ በኋላ ይሞታል። የጉራጌ፣ የሲዳማ፣ የከፋ፣ የጋሞ ገበሬ ቆጮውንና ቡላውን ለማግኘት ተክሉን የሚቆርጠው ከማበቡ በፊት ወይም ሊያብብ ሲል ነው፤ የሚያባዛውም በዘር ሳይሆን ከሥሩ በሚያፈላው ችግኝ ነው። ስለዚህ ዕድሜ ልኩን ቆጮ የበላ ሰው የእንሰትን አበባ ሳያይ ሊኖር ይችላል። ኪው ላይ ግን የሚፍቀው የለም፣ የሚበላው የለም፤ እንዲያብብ ተጠበቀ፣ አበበ፣ ተሣለ። ከሃያ ሚሊዮን በላይ ሕዝብ የሚመግብ ተክል፣ ለጌጥ አበባ በተቋቋመ መጽሔት ውስጥ፣ በዘመኑ በታላቁ የዕፀዋት ሠዓሊ እጅ! ከዚያ በኋላ እንሰት በአውሮፓ መናፈሻዎች ለግርማው ተብሎ ይተከል ጀመር። ደስታዬ ወሰን የለውም። ያንን ቅጠል የጨርቅ ጥለት ይሥል የነበረ የግላስጎ ልጅ በዚያ ፍቅር መሣሉ ያስደንቀኛል።

ይህ መጽሔት ሞት አፋፍ ላይ የደረሰበትም ጊዜ አለ። ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ወጪው ከበደ፤ የ1920ው ጥራዝ ወጥቶ ቆመ። በእጅ የሚቀለም መጽሔት በዚያ ዘመን ማን ይሸከማል? ወዳጆቹ ተሰባሰቡና መብቱን ገዙ፤ የእንግሊዝ ንጉሣዊ የአትክልተኞች ማኅበር ተረክቦ በ1922 አስቀጠለው። የ1921 ዓመት ግን ባዶ ቀረ። ልብ በሉ፣ ያን ክፍተት አልተዉትም! ከዓመታት በኋላ፣ በ1938፣ የጎደለውን ጥራዝ አሳትመው በቦታው አስገቡት። ተራ ቁጥሩ እንዳይዘል! የአንድ ሥራ ክብር ምን እንደሆነ ከዚህ በላይ የሚያሳየኝ ነገር አላውቅም።

ከ1922 እስከ 1952 ዋና ሠዓሊዋ ሊሊያን ስኔሊንግ ነበረች፤ ከ830 በላይ ሥዕሎቿ አሉ። በጦርነቱ ዘመንም እንኳ ትሥል ነበር። ከእሷ ጋርና ከእሷም በኋላ ስቴላ ሮስ ክሬግን፣ ማርጋሬት ስቶንስን፣ ሜሪ ግሪየርሰንን የመሳሰሉ ድንቅ ሴቶች መጡ። ከ1984 እስከ 1994 ስሙ «ኪው ማጋዚን» ተብሎ ነበር፤ ለእኔ የማይዋጥ ውሳኔ ነው። ደግነቱ በ1995 የከርቲስ ስም ተመለሰ።

ዛሬ ሁሉም ሰው ስልኩን አውጥቶ አበባ ፎቶ ያነሣል፤ የዕፀዋት ሥዕል ምን ያደርጋል የሚል ይኖራል። ፎቶው የዚያችን ደቂቃ፣ የዚያችን አንዲት አበባ መልክ ይይዛል። ሠዓሊው ግን ቀኑን ሙሉ ያያል፤ ነፍሳት በልተው ያበላሹትን ቅጠል ትቶ ጤነኛውን ይመርጣል፣ አበባውን ከፍቶ የውስጡን ብልት ለብቻ አጉልቶ ከታች ይሥላል፣ ዘሩንና ፍሬውን በአንድ ገጽ ያሰባስባል። የዕፀዋት ተመራማሪዎች እስከ ዛሬ የመጽሔቱን ሥዕሎች በቁጥራቸው እየጠቀሱ ይጽፋሉ። ሥዕሉ ማስረጃ ነው። መጽሔቱም ለዚህ ነው ሠዓሊ መቅጠሩን ያልተወው።

እኛስ? የሠዓሊ እጥረት የለብንም፤ የተክል እጥረትማ ጨርሶ የለብንም። ኮሶ፣ ወይራ፣ እንሶስላ፣ ዋንዛ፣ ጂባራ፣ ብሳና፣ አንድ በአንድ እየተሣሉ፣ ከሥዕሉ ጎን ሳይንሱ፣ ከሳይንሱ ጎን የገበሬው ዕውቀት ተጽፎ በአማርኛና በየቋንቋችን ቢወጣ ምን ያህል ግሩም ይሆን ነበር! አሳታሚዎች፣ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤቶች፣ የዕፀዋት ምሁራን፣ እባካችሁ አስቡበት። ከርቲስ የጀመረው በወር በሦስት ሥዕል ነው።

የድሮዎቹ ጥራዞች ደግሞ በኢንተርኔት በባዮዳይቨርሲቲ ሄሪቴጅ ላይብረሪ ውስጥ ከመጀመሪያው ገጽ ጀምሮ በነፃ ተቀምጠዋል፤ ማንም ገብቶ ማየት ይችላል። ጊዜ የሌላችሁ ሌላውን ሁሉ ተዉትና ጥራዝ 87ን፣ የ1861ን፣ ክፈቱ። ቁጥር 5223 እና 5224 እንሰት ነው።